የሰንዳር ግማሽ

ለታላቅ እህቴ፣

እትዬ፣ እንደምን ሰነበትሽ? ጉልበትሽንስ እንዴት አደረገሽ? ብርድ ሲገባ እንደሚብስብሽ ስለማውቅ፣ ሰሞኑን ዝናቡ በጠነከረ ቁጥር አንቺ ትዝ ትይኛለሽ። እኛ እዚህ ሀና ማርያም ሁላችንም ደህና ነን። ሁላችንም ስል ልጅሽን ዶርቃንም ጨምሬ ነው። ትበላለች፣ ትተኛለች፣ ትምህርቷንም አላቋረጠችም። አልጠየቅሽኝም፤ ግን ልትጠይቂ አስበሽ እንደተውሽው ስለገባኝ ነግሬሻለሁ።

የምጽፍልሽ በስልክ ስለማይሆንልን ነው። እኔ እጮሃለሁ፣ አንቺ ትዘጊዋለሽ፣ በኋላ ኔትወርክ ነው ትያለሽ። ወረቀት ጆሮ ላይ አይዘጋም። ብስራተ ገብርኤል ድረስ ሁለት ታክሲ ነው፤ መምጣት አቅቶኝ አይደለም። ብመጣ ወንድም ወጋየሁን ሳሎንሽ ውስጥ አገኘዋለሁ፤ ካገኘሁት ደግሞ ለማናችንም አይበጅም።

እኔም እንዳንቺው በጸሎት ቤት ያደግሁ ሰው ነኝ። በጸሎት ላይ ቅሬታ የለኝም። ቅሬታዬ ሳያነቡ በሚፈርዱ ሰዎች ላይ ነው። የጸሎት ቡድናችሁ መሪ ወንድም ወጋየሁ የልጅሽን ልብ ወለድ አንብቦታል? እኔ ሁለት ጊዜ አንብቤዋለሁ። አርዛን የምትባል የሌለች አገር ፈጥራለች። በዚያች አገር ሰንዳር የሚባል ጥቁር ማዕድን አለ። በደረቀ ሐይቅ ሥር እንጂ ሌላ ቦታ አይገኝም፤ ያለው ሁሉ ተለቅሞ ቢሰበሰብ አንድ ቁና አይሞላም። አንዱ ድንጋይ ለሁለት ሲሰበር፣ የአንደኛው ግማሽ ባለቤት የሌላኛውን ባለቤት ባሰበ ቁጥር፣ ያኛው ግማሽ ባለበት ይሞቃል። ነገሥታቱ የላኳቸው የጦር አዛዦች ይክዷቸው አይክዷቸው እንደሆነ ሊያውቁበት ይፈልጉታል። አንዲት ማዕድን ቆፋሪ ደግሞ የጠፋች እህቷን ልትፈልግበት ትሰርቀዋለች። በቃ፣ ይኸው ነው። አስማት ተብሎ አንድ ቤት የታመሰው በዚህ ነው።

እንከን የለበትም አላልኩም። ሰንዳር መስታወት ይቆርጣል ብላ ትጽፍና ጥቂት ገጽ ሳትሄድ በጥፍር ይፋቃል ትላለች። ፀጉሬ የሸበተው ዩኒቨርሲቲ ስለ ድንጋይ ሳስተምር ነው፤ እንዲህ ያለ ነገር አላልፍም። በጥፍር የሚፋቅ ነገር መስታወት አይቆርጥም ብዬ ተቆጣኋት። ጋሼ፣ አስማተኛ ድንጋይ እኮ ነው አለችኝ። አስማተኛም ቢሆን ሕግ ይኑረው አልኳት። እሺ ፕሮፌሰር፣ ድንጋዩን እቀጣዋለሁ ብላ ሳቀችብኝ። ቤትሽን ለቅቃ ከመጣች ወዲህ ስትስቅ ያየኋት ያን ጊዜ ብቻ ነው።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ወንድም ወጋየሁ ቤትሽን ከአስማት ሊያጸዳ ሰዎች ይዞ ገብቶ፣ ከብፌሽ የታችኛው መሳቢያ፣ ከአሮጌ የወተት ጣሳ ውስጥ፣ በሻሽ የተጠቀለለ ጥቁር ድንጋይ አወጣ። ሰንዳሩ ይኸው ተገኘ ብሎ ፎቶውን በቡድኑ ቴሌግራም ለቀቀው፤ እኔም ጋ ደረሰ። ደወልኩለት። ድንጋዩ በእጁ ላይ እንደሚሞቅ፣ መንፈስ እንዳለበት ነገረኝ። የት አድርገህ ነው የምትይዘው ብዬ ብጠይቀው፣ ከዓይኔ እንዳይርቅ ኪሴ ውስጥ አለኝ። ኪስህ ውስጥ ያለው የመኪናህ ቁልፍም ይሞቃል፣ እንግዲያው እሱም ይጸለይለት አልኩት። የእናንተ የተማራችሁ ሰዎች ችግር ይኼ ነው ብሎ ባረከኝና ዘጋው።

እትዬ፣ ድንጋዩ ባልጩት ነው። ባልጩት ሲሰበር ገጹ እንደ ዛጎል ይጎብጣል፤ አንዱ ስብራት ሌላውን አይመስልም፤ ከገዛ ግማሹ በቀር ከምንም ጋር አይገጥምም። ይህን ለስንት ተማሪ አስተምሬዋለሁ።

እናታችን ሆስፒታል የተኛች ጊዜ ትዝ ይልሻል? አንቺን ሆሳዕና አክስታችን ዘንድ ሲልኩሽ፣ እኔ መካኒሳ ከአባባ ጋር ቀረሁ። የሄድሽ ዕለት ጠዋት ከጓሮ ያገኘሽውን ጥቁር ድንጋይ የበሩ ደፍ ላይ ሰብረሽ ግማሹን ሰጠሽኝ። ሲሞቅብህ እኔ አስቤህ ነው አልሽኝ። ሰንዳር የሚለውን ስሙንም አንቺው ነሽ ያወጣሽለት። የኔ ግማሽ እስከ ዛሬ አለ፤ መስክ ስወጣ እንኳ ከኪሴ አይለይም ነበር። ስለሱ ግን ለዶርቃ ተንፍሼ አላውቅም። ለማንም ተንፍሼ አላውቅም፤ የድንጋይ መምህር እንዲህ ያለ ነገር አያወራም። እንግዲህ ልጅቷ ይህን ስም ከኔ አልሰማችውም።

የቴሌግራሙን ፎቶ አጉልቼ ድንጋዬን አጠገቡ አስቀመጥኩት። ያየሁትን እዚህ አልጽፍም። ብፌሽ እንደሚቆለፍ አውቃለሁ፤ ቁልፉ ከማን አንገት እንደማይወርድም አውቃለሁ። ወንድም ወጋየሁ ይህን አልጠየቀም። እኔም አልጠይቅም።

እሁድ ዶርቃ በጉባኤ ፊት ቆማ ድንጋዩ የኔ ነው ትበል፣ ንስሐ ትግባ፣ ጽሑፏ ይቃጠል፣ ድንጋዩም በመዶሻ ይድቀቅ ተብሏል። አለዚያ ቤቴ አትገባም ብለሻታል። የሴቶቹን ጸሎት ስትመሪ የኖርሽ ሰው ነሽ፤ ስምሽ እንዳይነሳ መፍራትሽ ይገባኛል። ፍርሃትሽ ይገባኛል፤ ዝምታሽ ግን አንጀቴን አቃጥሎታል። ትናንት ልጅሽን ድንጋዩ የማን ነው ብዬ ፊት ለፊት ጠየቅኋት። የኔ ነው ጋሼ፣ በቃ ተወው አለችኝ። ይህን ስትል ዓይኔን አላየችም። ውሸት እንደማይሆንላት አንቺም ታውቂያለሽ። እሁድም ይህንኑ ልትደግም ተዘጋጅታለች። ጽሑፏንም በፌስታል ጠቅልላ በሩ አጠገብ አስቀምጣዋለች። ስለማን ብላ እንደሆነ እኔ ለአንቺ አልነግርሽም።

እሁድ መጥቼ ከኋላ እቀመጣለሁ። ቃል እገባልሻለሁ፣ አንዲት ቃል አልተነፍስም። ከልጅቷ ቀድሞ የሚነሳ ሰው ካለ ግን ሊነሳ ይችላል።

ጌታ ቤትሽን በሰላም ይጠብቅልሽ። ጉልበትሽንም ያጽናልሽ፤ እሁድ ያስፈልግሻል።

ታናሽ ወንድምሽ

ይህን ስጨርስ ድንጋዬ ሞቅ ብሏል። በግራ እጄ ይዤው ስጽፍ ስለቆየሁ ነው።