ከጠምበለሉ ሥር ያለው ቦይ

መስከረም 24

ዛሬም ለመንደራችን አምላክ ለአይያናር ኮኮናት ሰበርኩለት። እንደ ወትሮው ግድቡ ላይ ወጥቼ፣ ኩራዙን ለኩሼ፣ ከሸክላ ፈረሶቹ ፊት ቆሜ። ኮኮናቱ ትልቅ ነበር፤ ውሃው ማር። ደስ አለኝ… ወዲያው ደግሞ አፈርኩ።

ለማንም ያልነገርኩትን እዚህ ልጻፈው። ያ ኮኮናት የበቀለው ከራሱ ከአይያናር መሬት ላይ ነው። ከጓሮዬ ጀርባ ወደ ኩሬው የሚወርድ ቦይ ነበር። እኔ ነኝ የደፈንኩት። ባንዴ አይደለም። በየበጋው ለማሳችን ብለን ከኩሬው ደለል እናወጣ የለ? ከዚያው ላይ ትንሽ ትንሽ እየመለስኩ። ባለቤቴ ሸንባጋም ጠምበለል የምትተክልበት ቦታ አምሯት ነበር። አዲስ ተጋቢ ነበርን፤ እምቢ የምልበት አፍ አልነበረኝም። አበባውንም ኮኮናቱንም ተከልኩላት። ሰው "ቦዩስ?" ሲለኝ "ራሱ ተደፈነ" አልኩ። ሁሉም አመነኝ። ሸንባጋምም አምናኝ ሞተች።

የኩሬውና የድንበሩ ጠባቂ እሱ ነው። እኔ ደግሞ ከእሱ የሰረቅኩትን ለእሱ እያቀረብኩ "መባዬን ተቀበለኝ" እላለሁ። ትዕግሥተኛ ባይሆን እስካሁን በፈረሱ ረግጦኝ ነበር።

መስከረም 26

የወፍ ወዳጆች ኮሚቴ ስብሰባ። አባል ነኝ። ለምን? ስብሰባ ላይ ስለማላንቀላፋ ይመስለኛል።

አጀንዳው ውሃ። አምና ኩሬው ጫጩቶቹ መብረር ሳይጀምሩ ደረቀ። ሽመላዎቹና ፔሊካኖቹ ጎጆ የሚሠሩት ውሃ ውስጥ በቆሙት ዛፎች ላይ ነው፤ ከሥራቸው ውሃ ሲጠፋ ውሻ ይገባል። ገባ። እናቶቹ ልጆቻቸውን ጎጆ ላይ ጥለው ሄዱ። ሽታው እስከ ገበያ ደረሰ። ዘንድሮም እንዲያ ከሆነ ጭራሽ አይመጡም። እነሱ ካልመጡ ደግሞ ኩሳቸው የለም። ኩስ የሌለው ውሃ ለሩዛችን ምን ይረባዋል?

ሊቀመንበሩ ዳንዳፓኒ "የዓለም ሙቀት ነው" አለ። ጥቁር መነጽሩን አላወለቀም፤ ለሙቀቱ ይሆናል። አንዱ ጥፋቱ የላይኞቹ መንደሮች ነው አለ። ሌላው ተነሥቶ "ፔሊካኖቹ እራሳቸው አብዝተው ይጠጣሉ" አለ። ቃለ ጉባኤ ላይ ሰፈረ! እኔስ ምን አልኩ? "እውነት ነው፣ ሙቀቱ በርትቷል።" ምላሴ እንዴት እንደታዘዘችልኝ…

ውሳኔ፦ መግቢያው ላይ የሲሚንቶ ፔሊካን ይቁም።

ጥቅምት 1

ፔሊካኑ ቆመ። ዳንዳፓኒን ይመስላል።

ይህን ያልኩት እኔ አይደለሁም፤ ኢሩላፓን ነው። ከልጅነት ጀምሮ ጎረቤቴ ነው፤ ጎሾቹን ወደ ውሃ ሲነዳ ቆም ብሎ አየው። "ሆዱንስ ልክ ሠርተውታል፤ አንገቱን የት ጥለውት ነው?" አለ።

ከዚያ ወደ እኔ ዞሮ፦ "አንተ ማሲላማኒ፣ ውሃው የት የሚገባ ይመስልሃል?"

"እኔ ምን አውቄ።"

"እንደ አንተ አውቶቡስ ነዋ። ሰው ፌርማታ ላይ ቆሞ እየጠበቀው ጥሎት ያልፋል።"

ትኬት ቆራጭ በነበርኩበት ዘመን ጥዬው ያለፍኩትን ቀን እስከ ዛሬ አልረሳልኝም። ሳቀ። ግን… ያውቃል እንዴ? ወይስ ቀልድ ብቻ ነው? ጎሿ እንኳ ቀና ብላ ያየችኝ መሰለኝ።

ጥቅምት 4

ጠምበለሉ ፈነዳ። ሽታው እስከ አልጋዬ። ድሮ ደስ ይለኝ ነበር።

ጥቅምት 7

ዳንዳፓኒ ጣፋጭ ይዞ መጣ። ሰውየው ጣፋጭ ይዞ ከመጣ ነገር አለ።

"ጋሽ ማሲላማኒ፣ ኮሚቴው የዓመቱ የወፍ ወዳጅ አድርጎ መርጦዎታል።"

"እኔን? ምን ሠራሁና?"

"ይኸው! ትሕትናዎ! እሱንም ንግግሬ ውስጥ አስገባዋለሁ።"

"ዳንዳፓኒ፣ ሌላ ሰው ፈልግ። እኔ የማልረባ ሰው ነኝ።"

"ልክ እንደዚህ! መድረክ ላይም ልክ እንደዚህ ነው የሚሉት።"

እውነቱን ልናገር በቀረብኩ ቁጥር ክብሬ ጨመረ። ደግሞስ ምን ውለታ ቆጠሩልኝ? ባለፈው የመብራት በዓል፣ በዲፓቫሊ፣ ርችት ሊተኩስ የነበረውን የከተማ ሙሽራ በዱላ ማባረሬን። እሱስ እውነት ነው። አንድ ጫማውን ጥሎ ነው የሮጠው። ወፍ ለማስደንገጥ የመጣን ሰው አባረርኩ። የወፉን ውሃ የዘጋውንስ ማን ያባርር?

ጣፋጩን በላሁት።

ጥቅምት 10

ዲፓቫሊ። ዙሪያችን ያሉ መንደሮች ሰማዩን ሲያቃጥሉት ዋሉ። እኛ ዘንድ ኩራዝ፣ ጣፋጭ፣ ዝምታ። ወፎቹ እንዳይበረግጉ አያቶቻችን የደነገጉት ነው፤ ሕፃን እንኳ ርችት አይጠይቅም።

ወደ ማታ ላይ የመጀመሪያዎቹ ሽመላዎች መጡ። ጥቂት ናቸው። ሁልጊዜም አስቀድመው የሚልኳቸው አሉ… ኩሬውን ዞሩት። ዝቅ አሉ፤ እንደገና ዞሩት። ቤት ሊከራይ መጥቶ ቧንቧውን ከፍቶ የሚያይ ሰው መሰሉኝ።

ጥቅምት 14

የክብሩ ቀን።

ርችት የከለከለ መንደር ድምፅ ማጉያ ተከራየ። ከግድቡ ጫፍ እስከ ጫፍ ሰቀሉት። ዳንዳፓኒ ማይኩን ጨብጦ "ዝምታ ባህላችን ነው!" ብሎ ሲጮህ ሽመላዎቹ ከዛፉ ተነሥተው ሄዱ። ሕዝቡ አጨበጨበ። የዝግጅቱ አካል መስሎታል።

ከዚያ ወርቃማ ዘርፍ ያለው ሻርፕ ትከሻዬ ላይ ጣሉልኝ። ሞቃት ነው። ያሳክካል። "የኩሬያችን ልጅ" አሉኝ። ቀና ስል አይያናር ከነፈረሱ ከፊቴ ተቀምጧል። የምይዘው ፊት ጠፋኝ። ፈገግ አልኩ መሰለኝ፤ ፎቶውን ሳይ ጥርሱን የሚያመው ሰው ነኝ።

ጥቅምት 19

ዝናብ! የዓመቱ የመጀመሪያ ደህና ዝናብ። ጃንጥላ ይዤ ጓሮ ወጣሁ።

ጎርፉ ከላይ መጣ። ቀይ፣ ፈጣን፣ መንገዱን የሚያውቅ። የጠምበለሉ አጥር ጋ ሲደርስ ቆመ። ውሃ እንደዚያ ሲቆም አይቼ አላውቅም። ከዚያ ወደ ግራ ታጠፈ፤ በመንገዱ፣ በኢሩላፓን በረት፣ በሱቆቹ በኩል ወርዶ ወደማይረባበት ሄደ። ከኢሩላፓን በረት ስድብ ሰማሁ። ዝናቡን ነበር የሚሰድበው። ዝናቡን ነበር?

ኩሬው ጉልበት እንኳ አይደርስም።

ጥቅምት 23

የሸንባጋም መታሰቢያ። ታላቅ እህቷ እትዬ አላሜሉ ከማለዳው አውቶቡስ ወርደው ማጀቱን ወረሱት። ሩዙን ከምስር ጥብስ ጋር በሙዝ ቅጠል አድርገን ጣሪያው ላይ አኖርን። የሞተው ሰው በቁራ ተመስሎ መጥቶ ሳይቀምስ እኛ አንበላም። "ካ! ካ! ካ!" ብለው ተጣሩ። አንድ ቁራ መጣ። ኮኮናቱ ላይ ዐረፈ። ሩዙን አየ። እኛን አየ። ፊቱን አዞረ።

ጠበቅን። ሆዴ ይጮሃል።

"አኩርፋለች" አሉ እትዬ አላሜሉ። "በሕይወቷም እንዲህ ነበረች። ሲከፋት ምግብ አትነካም።"

"ምን ይከፋታል? የምትወደውን ሁሉ ሠርተዋል።"

"አንተ ሰውዬ፣ ጨርሶ አይገባህም?" በጭልፋው ወደ ጠምበለሉ ጠቆሙ። "ቦዩን እንደደፈንክላት አታውቅም መስሎሃል?"

ጭልፋውን አየሁ። አበባውን አየሁ።

"ያኔውኑ ነግራኛለች። 'ለእኔ ብሎ ነው እኮ፣ ምን ልበለው?' ብላ አለቀሰች። ለመሆኑ ያን አበባ አንድ ቀን ጸጉሯ ላይ አይተኸዋል?"

ለማስታወስ ሞከርኩ። ማታ ማታ ትጎነጉነዋለች… በቅርጫት ይዛ ግድቡ ላይ ትወጣለች… የአይያናርን ፈረስ አንገት ታስጌጣለች። ጸጉሯ ላይስ? ቢጫ ነገር። ከመንገድ ዳር የምትለቅመው። እኔ ደግሞ "እንዴት ያለች መንፈሳዊ ሴት አገባሁ" እያልኩ ለተሳፋሪው ሁሉ አወራ ነበር።

"ለአይያናር የመሬቱን ኪራይ ስትከፍልልህ ኖራ ሞተች" አሉ።

ቁራው በመጨረሻ ወረደ። ሩዙን ትቶ የምስር ጥብሱን አንሥቶ በረረ።

"ይቅር አለችኝ?" አልኳቸው።

"ምን ይቅርታ አለው? ርቦት ነው። ና እንብላ።"

ጥቅምት 25

ባዶ እጄን ወደ አይያናር ወጣሁ። "እከፍተዋለሁ" አልኩት። ምንም አልተሰማኝም፤ ደስታም፣ ለቅሶም። ወርጄ ዶማ አነሣሁ።

ጠምበለሉን ከዳር ጀመርኩ። ሥሩ እንዴት ይይዛል! ኮኮናቱ ደግሞ የቦዩ አፍ ላይ ነው የቆመው። እሱን ነገ አልኩ። እሷ ውሃ ያጠጣችው ዛፍ ነው። ቀኑን ሙሉ በዙሪያው እየቆፈርኩ እሱን አልነካሁም።

ጥቅምት 26

ኢሩላፓን አፍ የሚያቀላ ቅጠሉን እያኘከ አጥሩ ላይ ተደገፈ።

"የዓመቱ የወፍ ወዳጅ፣ ምን ጠፍቶብዎት ነው? ወርቅ?"

"ቦይ ነው። እኔ ነኝ የደፈንኩት።"

ወጣ። ስንት ዘመን የታፈነ ቃል… መሬት የምትሰነጠቅ መስሎኝ ጠበቅኩ። ቀይ ምራቁን ተፋ።

"እናውቃለን" አለ።

"እናውቃለን ማለት?"

"መንደሩ በሙሉ ያውቃል። የእኔ በረትስ የቆመው የት ላይ ነው? ኩሬው ላይ። የዳንዳፓኒ ማሳ ግማሹ ኩሬ ነው። አንተን ብንናገር አንተ እኛን ልትናገር አይደል?"

ዶማዬ ላይ ተቀመጥኩ። ለካ ለዚህ ነው ፔሊካኖቹ የጠጡት! ለካ ለዚህ ነው ሻርፑ! እኔ በድብቅ ኃጢአቴ ስንሰፈሰፍ፣ ለካ ማኅበርተኛ ነበርኩ።

ኢሩላፓን ሄደ። አኩርፎ የሄደ መስሎኝ ነበር። መጥረቢያ ይዞ ተመለሰ። "ኮኮናት በዶማ አይወድቅም፣ አንተ ጅል" አለ።

ወደቀ። ሲወድቅ ፊቴን አዞርኩ።

ጥቅምት 28

አፈሩ ከባድ ነው። ቅርጫቱ አናቴን ላጠው። የሚረባ ጨርቅ ብፈልግ ያቺ ሻርፕ ተሰቅላለች። ጠምጥሜ ከቅርጫቱ ሥር አደረግኳት። ምቹ ናት። ለካ ጥቅም አላት።

ዳንዳፓኒ እየሮጠ መጣ። "ጋሽዬ! ያ የክብር ሻርፕ እኮ ነው!"

"አዎ፣ ወፍራም ነው። እግዜር ይስጥህ።"

ሳብ አድርጎኝ በጆሮዬ፦ "ራሱ ተደፍኖ ነበር፣ እኔ በፈቃደኝነት ጠረግኩት ይበሉ። ነገ ፎቶ አንሺ ይዤ እመጣለሁ።"

"ደፈንኩት፣ ከፈትኩት በል። ሁለቱንም ካልክ አምጣው።"

"እንዲያ ካሉማ ነገ የእኔንም ማሳ እንለካ የሚል ይመጣል!"

"እኔ ዘንድ ገመድ አለ" አለ ኢሩላፓን ከጉድጓዱ ውስጥ።

ዳንዳፓኒ መነጽሩን አወለቀ። ዓይኖቹን ሳይ የመጀመሪያዬ ነው። ትንንሽ ናቸው፤ የፈራ ልጅ ይመስላል። አሳዘነኝ። ገመዱ ግን ረጅም ነው።

ኢሩላፓንም ማታ በረቱን ዞሮ ዞሮ ሲያየው ነበር። ገና አልነካውም።

ኅዳር 2

ከሌሊት ጀምሮ ዘነበ። ጎርፉ መጣ፤ አጥሩ ከነበረበት ደረሰ። የመጨረሻውን አፈር አላነሣሁትም ነበር፤ በእጄ ላደርገው ፈልጌ። ሻርፑን እንደ ጠመጠምኩ ጭቃው ውስጥ ገብቼ አነሣሁት። ውሃው ጉልበቴን ገፍቶኝ አለፈ። የጠምበለል ቅጠል ይዞ ወደ ኩሬው ወረደ።

የሄዱት ሽመላዎች አልተመለሱም። አንድ ብቻ አየሁ፤ የሲሚንቶው ፔሊካን አናት ላይ ቆሞ ኩሱን ለቀቀበት።

ከዚያ ሱቅ ሄጄ ኮኮናት ገዛሁ። ትንሽ ነው፤ ስነቀንቀው ውሃው አይሰማም። ግድቡ ላይ ወጥቼ ለአይያናር ሰበርኩለት። ግማሹ ደርቋል። ከእኔ ሲቀበል የመጀመሪያው ነው።