ከመቶ ሰባት ሰባት መቀነስ

ይድረስ ለልጄ፤ እግርሽ በረገጠበት ሁሉ ደግ ሰው ይግጠምሽ። እኛ ደህና ነን፣ ይህ ደህና ከተባለ። የደረጃው መብራት በስንት ጭቅጭቅ ተሠራ።

«አእምሮ እንዳይዝግ ሥራ ላይ ሥራ ደርብ» ብለሽ ለአባትሽ የላክሽው ምክር ግን ቤቴን አመሰው። ጥርሱን እየቦረሸ ከመቶ ሰባት ሰባት እየቀነሰ ይቆጥር ጀመር። ደረጃ ሲወጣ የጎረቤቱን ሁሉ ስም ይጠራል። ይሁን ብዬ ቻልኩት። ባለፈው ማክሰኞ ፀጉር ቤቱ ውስጥ እየቆጠረ ደንበኛ ሲላጭ፣ ሃምሳ አንድ ላይ ሲደርስ የጎረቤታችንን የአስተማሪውን አንድ ቅንድብ ድራሹን አጠፋው! ሰውየው ኮፍያውን ዓይኑ ድረስ ደፍቶ ነው የሚያስተምረው። አባትሽ ደግሞ ይባስ ብሎ «ቁጥሩን ግን አልሳትኩም» ይለኛል።

ሐኪም ዘንድ ወሰድኩት። «ጭንቅላቱ ደህና ነው፤ ሲላጭ መላጨቱን ብቻ ያስብ» አለኝ። እኔን ያሳሰበኝ ያንቺው ጭንቅላት ነው። ስትደውዪ ሽንኩርት ትከትፊያለሽ፣ ዕቃ ታጥቢያለሽ፣ መሀል ላይ ሌላ ሰው ታናግሪያለሽ። «የአባዬ ጉልበት ተሻለው?» ብለሽ ሦስቴ ጠየቅሽኝ። ያመመው ትከሻው ነው እኮ!

እሁድ ዕለት የሚነግርሽ ነገር ነበረው፤ ስትደውዪ ለማውራት ፀጉር ቤቱን ዘግቶ ሲጠብቅ አረፈደ። ስልኩን ስሰጠው የቧንቧሽን ድምፅ ሰማና «ሥራ ላይ ናት፣ አላስቸግራት» ብሎ መለሰልኝ። ምን እንደነበር ለእኔም አልነገረኝም። ከዚያ ወዲህ ጥርሱን ዝም ብሎ ነው የሚቦርሸው።

ፈጣሪ ሐሳብሽን ይሰብስብልሽ፣ የኔ ልጅ። ቢላውን አስቀምጪ፣ ቧንቧውን ዝጊ፣ ቁጭ በይና ደውዪለት።

እናትሽ