ከበሩ ሥር የወጡ የካሮት መግለጫዎች

ግንቦት 2፣ ሰኞ

ለሚመለከተው ሁሉ (ማለትም ለእኔ)። በዛሬው ዕለት፣ ከሰፊ ምክክር በኋላ፣ የግንቦት 15ቱ ምሳ የጎን ምግብ ካሮት እንዲሆን ተወስኗል። ውሳኔው የመጨረሻ ነው። ይግባኝ የለውም።

ምክክሩ ይኸውና። ታናሽ እህቴ ደወለች።

"እትዬ፣ የዚህ ሳምንት ሳይሆን የሚቀጥለው እሑድ… እሱ ከእናቱ ጋር ሊመጣ ነው። ለሽምግልና በይው። ዶሮውን እኔ ጠብሼ አመጣለሁ። አንቺ ከጎኑ የሚሆን ነገር ብቻ ሥሪ። አደራ፣ እንዳትፈላሰፊ።"

"እሱ" እጮኛዋ ነው፤ ኤሌክትሪክ ሠራተኛ። ሁለት ጊዜ አግኝቼዋለሁ። ሁለቱንም ጊዜ ዓይኑ ቆጣሪያችን ላይ ነበር።

ከዚያ ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። "አባባስ? ይወጣል?"

እዚህ ላይ ነው ነገሩ…

ለታሪክ ይመዝገብ፦ በዚህ ቤት ሁለት ሰው ይኖራል። የሚናገረው አንድ ነው፤ እሱም እኔ ነኝ። አባባ ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ በሬዲዮ ዜና ያነበበ ሰው ነው። ታክሲ ውስጥ "ወራጅ አለ" ሲል ተሳፋሪው ሁሉ ዞሮ ያየዋል። ከሁለት ወር በፊት ሰው ሠራሽ ጥርስ አስገጠመ። ጥርሱ ያምራል። ግን "ሰ" ያለበት ቃል በመጣ ቁጥር ያፏጫል። የመጀመሪያ ቀን በር ከፍቶ ገብቶ፣ ኮቱን አስተካክሎ፣ "ሰላም ለሁላችሁ" አለ። እኔ ሳቅኩ። ልክ አልነበርኩም፣ አውቃለሁ። ግን ምን ላድርግ፣ ማንቆርቆሪያ የፈላ ነው የመሰለኝ።

ከዚያን ቀን ጀምሮ ክፍሉ ገብቶ ዘጋ። የሚበላው እዚያ። የሚናገረው በወረቀት። ወረቀቱ የሚወጣው ከበሩ ሥር።

ግንቦት 3፣ ማክሰኞ

ለምን ካሮት? ሐኪሙ ለስላሳ ነገር ብሎታል። ሾርባና የተፈጨ ድንች ደግሞ አንገሽግሾታል። በደንብ የበሰለ ካሮት ከድድ ጋር አይጣላም። በቅቤና በስኳር ተለብጦ ሲያብለጨልጭ እንግዳ ፊት ያኮራል። ማንም "ለአባትየው ጥርስ ተብሎ ነው" አይልም። ይህ ድብቅ ፖሊሲዬ ነው። ካሮቱ ከተሳካ… ምናልባት ይወጣል። ካልወጣ የእህቴን ነገር ማን ይጨርሳል?

አሠራሩ ከመሥሪያ ቤት የተገኘ ነው። ማተሚያ ቤት አራሚ ነኝ፤ የሰው ስህተት እያደንኩ የምኖር። አምና ያተምነው የምግብ መጽሐፍ ላይ፣ ገጽ 88።

ግንቦት 5፣ ሐሙስ

ሙከራ አንድ።

አትክልት ሻጯ፦ "ሁለት ኪሎ? ለስንት ሰው ነው?"
"ለአንድ።"
"ጥንቸል ጀመርሽ እንዴ?"
"ለአባቴ ነው።"
"ውይ፣ እሳቸው ደህና ናቸው? ድምፃቸው ጠፋብን እኮ።"

ምን ልበላት? "ደህና ናቸው፣ እየጻፉ ነው" አልኩ። ውሸት አይደለም።

ላጥኩ። በጣት ውፍረት አጋድሜ ቆረጥኩ። ውሃ እስከ ካሮቱ ትከሻ፣ ቅቤ፣ ትንሽ ጨው። ስኳር፣ "ሁለት ኩባያ" ይላል። አልበዛም? በዝቷል። ግን የታተመ ነገር ነው… የታተመን ነገር የምጠራጠር እኔ ማነኝ? (አራሚ ነኝ።)

ሲወርድ ካሮቱ መስታወት የለበሰ መሰለ። ኮራሁ። ሳህኑን በሩ ላይ አስቀምጬ፣ አንኳኩቼ ሄድኩ። አሥር ደቂቃ አለፈ። ከዚያ ወረቀት ወጣ፦

"ለክብርት አራሚ። የላይኛው ጥርሴ ከታችኛው ጋር ዘላቂ ስምምነት ላይ ደርሷል። ለመለያየት የተደረገው ጥረት አልተሳካም። ለብ ያለ ውሃ በአስቸኳይ።"

ወሰድኩለት። በበሩ ክፍተት እጅ ብቻ ወጣ። ብርጭቆውን ይዞ ተመለሰ።

አልሳቅኩም። ትራሴ ውስጥ ከሆነ አይቆጠርም።

ግንቦት 6፣ ዓርብ

መሥሪያ ቤት ረቂቁን አውጥቼ አየሁ። "ሁለት ማንኪያ" ነው የሚለው። መጽሐፉ ላይ ኩባያ ሆኗል። ከሥር "ታርሟል" የሚል ፊርማ አለ። የእኔ ነው። በስንቱ ቤት ጥርስ ተጣብቆ ይሆን?

ግንቦት 10፣ ማክሰኞ

ሙከራ ሁለት። ሁለት ማንኪያ። በኩራት ጣድኩ።

ውሃው እስኪመጥ አንዲት ገጽ ላርም ብዬ ተቀመጥኩ። አንዲት ገጽ ብቻ… አምስተኛዋ ላይ ጢሱ ደረሰብኝ። ሮጥኩ። ካሮቱ ከሰል፣ ድስቱም ከሰል። የሚገርመው፣ ወረቀቱ ቀድሞኝ ኮሪደሩ ላይ ተኝቷል፦

"ሰበር ዜና። ከቀኑ 11፡40 ላይ ውሃው አልቋል። ድስቱ ከመንተክተክ ወደ መንጨርጨር ተሸጋግሯል። እዚህ ድረስ ይሰማል። ለምን አልተነሳሽም?"

በሩ ላይ ቆሜ ጮህኩ። "ሰምተሃል ማለት ነው? ታዲያ ምናለ ብትጠራኝ!"

ወረቀት ወጣ፦ "በቃል መግለጫ መስጠት አቁሜያለሁ።"

"ስለሳቅኩ ነው፣ አይደል?"

ወረቀት አልወጣም። እስክሪብቶው ሲንቀሳቀስ ግን ሰምቻለሁ። ጽፎ ተወው።

ግንቦት 13፣ ዓርብ

በትናንትናው ዕለት የሁለትዮሽ ስምምነት ተፈርሟል። እኔ እጥዳለሁ፤ እሱ ያዳምጣል፤ ድምፁ ሲለወጥ ግድግዳውን ሦስት ጊዜ ይመታል። የሃያ ስድስት ዓመት የስቱዲዮ ጆሮ በከንቱ አይቀመጥም።

ዛሬ ተሞከረ። እኔ ድስቱ ላይ አፍጥጬ ምንም ልዩነት አልሰማሁም። ቱክ ቱክ ቱክ ይላል፣ በቃ። ድንገት ግድግዳው ዷ፣ ዷ፣ ዷ! አወረድኩ። ድስቱን ይዤ ወዘወዝኩት…

እሰይ! ሽሮፑ እያንዳንዷን ካሮት በስሱ ለብሷታል። ለበዓል እንደተወለወለ ጫማ ታበራለች። ሹካ ሳይጫኗት ትገባለች። በላዩ ሁለት ጠብታ ሎሚ። ሳህኑ ተልሶ ተመለሰ። ወረቀቱ፦ "በሙሉ ድምፅ ጸድቋል። ጨው ቅንጣት ታክል ይጨመር።"

ግንቦት 14፣ ቅዳሜ

ታናሼ ቤት ልታዘገጃጅ መጣች። መጥረጊያውን እንደያዘች በሩ ላይ ቆመች።

"አባባዬ፣ ነገ ትወጣለህ አይደል?"

ወረቀት፦ "አልገኝም። ጉንፋን ይዞታል በሏቸው። በልጄ አማት ፊት እያፏጨሁ ንግግር አላደርግም።"

ወለሉ ላይ ዘፍ አለች። "እና ማነው እሺ የሚልልኝ? ወረቀት ልስጣቸው? 'ልጄን ሰጥቻለሁ፣ በበሩ ሥር ተረከቡ' ተብሎ?"

ሳቀች። ከዚያ አለቀሰች። አጠገቧ ቁጭ አልኩና እኔም ለበሩ ተናገርኩ። "አባባ… ያን ቀን የሳቅኩት በአንተ አይደለም። በጥርሱ ነው።"

ለበር ይቅርታ መጠየቅ ከባድ ነው። ፊቱ አይነበብም።

ግንቦት 15፣ እሑድ

እጄ ገና ቅቤ ቅቤ ይላል። ሳልረሳው ልጻፍ።

ስድስት ሰዓት ተኩል ላይ መጡ። ልጁ ጫማውን ሳያወልቅ ቆጣሪውን ሰላም አለው። እናቱ ወፍራም፣ ሳቂታ፣ በአንድ እጃቸው ቦርሳ፣ በሌላው የፎቶ አልበም።

"አባታችሁስ?"
"ጉንፋን ነው" አለች ታናሼ፣ ዓይኗን ዶሮው ላይ ተክላ።
"እኔን! ለእንግዳ እንኳ የማያስወጣ?"
"ከባድ ጉንፋን ነው።"

ካሮቱን ጥጄ ነበር። ላየው ስነሳ ሴትዮዋ ክንዴን ያዙኝ። "ነይማ አንቺ፣ ተቀመጪ። ይሄ ልጄ ሲወለድ ነው።" ገለጡ። "ይሄ ሲጠመቅ። ይሄ ደግሞ ሬዲዮኑን የፈታ ቀን…" ልጁ አንገቱን ደፋ። እጄን አልለቀቁም።

ዷ፣ ዷ፣ ዷ።

"ማነው የሚደበድበው?" አሉ።
"ጎረቤት" አለች ታናሼ። "ምስማር እየመታ ነው።"
"በእሑድ ምድር?"
"ሥራ ይወዳል።"

ልነሳ ስል ሌላ ገጽ። "ይቺ እኔ ነኝ፣ ቀጭን ሳለሁ…"

ዷ! ዷ! ዷ! ዷ! ዷ!

"ይሄስ ግድግዳ ሊያፈርስ ነው!" ብለው ሳቁ። ሳቃቸው ቤቱን ሞላው። ያኔ ነው…

"ስኳሩ ሊያር ነው! ድስቱን አውርጂ! ድስቱን!"

ያ ድምፅ። ከነግርማው። ከነፉጨቱ፣ በየ"ስ"ው ላይ። መስኮቱ የተንቀጠቀጠ መሰለኝ። ሮጥኩ፣ አወረድኩ፣ ወዘወዝኩ። ለጥቂት! ካሮቱ ተርፏል።

ድስቱን እንደያዝኩ ተመለስኩ። ታናሼ ዓይኗን ጨፍናለች። ሴትዮዋ አልበሙን ዘግተው በሩን እያዩ ነው።

"ይሄ ድምፅ…" አሉ። "የዜናው ሰውዬ ናቸው እንዴ?"

መልስ ሳይጠብቁ ድምፃቸውን ከፍ አደረጉ። "ጌታው! ሃያ ዓመት ሙሉ ቁርሳችን ላይ ሲያነቡልን ኖረው፣ ዛሬ ደግሞ ምሳችን ላይ ይጮሁብናል?"

በሩ ተከፈተ። አባባ ሙሉ ልብስ ለብሷል። ክራቫት። ጫማው ተወልውሏል። ማለት… ከጠዋት ጀምሮ እንዲህ ለብሶ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጦ ነበር? አላለቅስም አልኩ፤ ድስት ይዤ እንዴት ይለቀሳል።

"ጉንፋን አይደለም" አለ። "ጥርስ ነው።" እና አፏጨ።

እኔ ከንፈሬን ነከስኩ። ሴትዮዋ ግን ሳይጨነቁ፣ "እና ምን ይጠበስ? ይቀመጡ፣ ዶሮው ቀዘቀዘ" አሉት፤ በገዛ ቤቱ። ተቀመጠ።

ዶሮውን አልነካም። ካሮቱን ሦስት ጊዜ ደገመ። ልጁ እንደምንም ጉሮሮውን ጠርጎ ስለ ጋብቻው ሲጀምር አባባ እጁን አነሳ፣ እንደ ድሮው ወንበሩ ላይ ቀጥ አለ።

"ዋና ዋና ዜናዎች። ካሮቱ ድኗል። ልጄን ሰጥቻለሁ። ዝርዝሩ ከምሳ በኋላ።"

ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። በዚህ ሳቅ መሃል ከሁሉ በላይ ያፏጨው የእሱ ሳቅ ነው።

ግንቦት 17፣ ማክሰኞ

ከጠዋቱ አንድ ሰዓት። የሻይ ውሃ ስጥድ፣ "ስድስት ደቂቃ ቀርቶታል።" ስወጣ፣ "ስልክሽን!" ስመለስ አትክልት ሻጯ ጋ ቆሞ ስለ ስኳር አስተያየት ይሰጣል፤ ሰው ከቦታል። ማታ የማርመውን ጽሑፍ ነጥቆኝ ጮክ ብሎ ያነባል፤ ሦስት ስህተት አግኝቶብኛል። ሐኪሙ ፉጨቱን ላስተካክል ብሎ ቢጠራው፣ "ይቆይ፣ ተለማምደናል" አለው። አሁን ይህን ስጽፍ እንኳ ከበሩ ማዶ የአየር ጠባዩን እያስታወቀ ነው። በሩ ክፍት ነው።

እርማት፦ በግንቦት 2 ቀን ማስታወሻ ላይ "በዚህ ቤት ሁለት ሰው ይኖራል። የሚናገረው አንድ ነው፤ እሱም እኔ ነኝ" ተብሎ ተጽፏል። ሁለት የሚለው ትክክል ነው። አንድ የሚለውም ትክክል ነው። "እኔ ነኝ" የሚለው "አባባ ነው" ተብሎ ይነበብ።