ዶሮ አላርድም ያለው ሸማኔ

የካቲት 3
ዝናብ። ጣሪያው እንደገና ያፈሳል፤ ከሥሩ ባልዲ አኖርኩ። ከሰዓት በኋላ የእህቴ ልጅ ሶላንጅ ከቱሉዝ ደወለች። "አጎቴ፣ ድርሰትህ አለፈ። ፊልም ሊሆን ነው፣ ዳይሬክተሯም እኔ ነኝ።" አርባ ዓመት መንገድ ስጠግን የኖርኩ፣ ከአራተኛ ክፍል የወጣሁ ሰው...
"ፊደሉን የሚያርመው ሰውዬ ጨረሰ?" አልኳት።
"አልቅሶ ተወው።"

የካቲት 11
ፕሮዲዩሰሩ ደወለ። ዴልማስ ይባላል። ድምፁ ቅቤ። ሁለት ነገር ብቻ ይቀየር አለ። አንደኛ፣ "ጥሩ ሰዎች" የሚለው። "ተመልካች አያውቃቸውም። መናፍቃን ይበሏቸው።" ከሰባት መቶ ዓመት በፊት በዚህ ሸለቆ ስለ እምነታቸው የተቃጠሉ ናቸው፤ መናፍቃን ያላቸው ያቃጠላቸው ብቻ ነው። ጎረቤቶቻቸው የሚጠሯቸው ጥሩ ሰዎች ብለው ነበር።

ሁለተኛ፣ ዶሮዋ። ጥሩ ሰዎች ነፍስ ያለው ነገር አይገድሉም። ቤተ ክርስቲያን የላከችው መርማሪ መነኩሴ ይህን ስለሚያውቅ ለተጠረጠረው ሰው ዶሮ ያስይዘዋል፤ እረድ ይለዋል። ካረደ ወደ ቤቱ፣ ካላረደ ወደ እሳት። የድርሰቴ ሸማኔ፣ ጋሊያርት፣ አላረደም።
"ይረድና ይትረፍ" አለኝ ዴልማስ። "ለአንዲት ዶሮ ብሎ የሚሞት ሰው... ማን ያምናል?"
"ካረደማ ፊልሙ ስለ ምሳ ነው።"

የካቲት 12
አልቀይርም።

የካቲት 20
ዴልማስ ሊያሳምነኝ በዚህ ሳምንት ይመጣል። እምቢ ካልኩ ፊልሙን ይተወዋል። ስድስት ዓመት የጻፍኩት...
ሶላንጅ፦ "አጎቴ፣ እባክህ ጨዋ ሁን።"
መቼ ጨዋ ሳልሆን ቀርቼ አውቃለሁ? (የቄሱን ደወል እንዳይጮህ ያሰርኩ ጊዜ አይቆጠርም።)

የካቲት 24
መጣ። ነጭ ጫማ አድርጎ፣ የእኔ ግቢ ጭቃ ላይ። ቀይዋን ዶሮ አስታቀፍኩት፣ ቢላዋ ጨመርኩለት። "የአገሩ ልማድ ነው ሙሴ ዴልማስ። ዶሮውን እንግዳ ነው የሚያርደው።" ውሸቴን ነው። አብራው የመጣችው ሶላንጅ ግድግዳውን ታያለች።
ዶሮዋን አያት። እሷም አየችው።
"ትሞቃለች እኮ" አለ። ቢላዋውን ጠረጴዛው ላይ መለሰው። "አልችልም።"
"እንግዲህ እርስዎም ሊቃጠሉ ነው" አልኩት። "ማን ያምናል?"
አልሳቀም። የጣድኩትን ባቄላ ሳይቀምስ ሄደ።

የካቲት 28
ደብዳቤ ላከ። ዶሮዋ ትቆይ፣ ቃሉ ግን መናፍቃን ይሁን ይላል። ከገዛ እጁ ያመለጠችውን ዶሮ ማረልኝ! ሰዎቹን አቃጠሏቸው፤ ስማቸውንም እኔ እሳቱ ላይ ልጨምር?
እምቢ ብዬ ጻፍኩ። በፊደል ግድፈት የተሞላ እምቢታ።

መጋቢት 6
ዴልማስ ከፊልሙ ወጣ። ሶላንጅን ይቅርታ ልጠይቃት ደወልኩ። "ዝም በል አጎቴ። ካሜራ አለኝ። አንተ ጋሊያርትን ትሆናለህ።"
መርማሪውስ ማን ይሁን? ቄሳችን እሺ አሉ። ደወላቸውን አልረሱም፤ ደስ ብሏቸዋል።

ሚያዝያ 2
እሑድ። ጠዋት ያን ትዕይንት ቀረጽን። ቄሱ ቀይዋን አስያዙኝ። "እረድ!" ልቧ መዳፌ ላይ ይመታል። የጻፍኩት ንግግር ረጅም ነበር፤ ጠፋኝ። "እምቢ" ብቻ አልኩ። ሶላንጅ ይበቃል አለች።
ስድሳ ስምንት ዓመት እሑድ እሑድ ዶሮ የበላሁ ሰው ነኝ። ቢላዋውን ስዬ ወደ ጓሮ ወጣሁ... ተመለስኩ።
ምሳ ባቄላ በላሁ። ቀይዋ መስኮቱ ላይ ቆማ ታየኛለች። ማን ያምናል?