የድምፅ ሣጥኑ ከመከፈቱ በፊት

ይድረስ ለውድ አባቴ ለመምህር እንድሪስ፣

አሰላሙ አለይኩም ወረህመቱላሂ ወበረካቱህ። አባባ፣ እንደምን ሰነበቱ? ጉልበትዎ እንዴት ነው? ምርኩዙን አሁንም የሚይዙት እማዬ እንዳትቆጣ ብለው ብቻ ነው? የእሷስ ዓይን ተሻላት? ማሽላው እንዴት ነው፣ ወፍ አስቸገራችሁ ወይስ ዘንድሮ አዘነላችሁ? እኛ አልሐምዱሊላህ ደህና ነን። ሪሀና ልጄ ሁለተኛ ክፍል ገብታ የእኔን አማርኛ ማረም ጀምራለች፤ በማን እንደወጣች እርስዎ ያውቃሉ። ወሎ ሰፈር ያለው የመኪና መለዋወጫ ሱቃችንም አቧራውን እየጠረግን ይሠራል። ናፍቆትዎ ግን በጣም ጠንቶብናል።

ደብዳቤ የጻፍኩት ስልክ አጥቼ አይደለም። እርስዎ ስልክ ሲያነሱ ድምፁን ስለሚለቁት የመጣ እንግዳ ሁሉ አብሮ ያወራል። ይህንን ግን ብቻዎን ሆነው እንዲያነቡት እለምንዎታለሁ።

የላኩልኝን ውክልና ይዤ ገርጂ ቢሮ ያላት ሔዋን የምትባል ጠበቃ ዘንድ ሄድኩ። ለቀበሌው ምክር ቤት ተወዳድረው በጎረቤታችን በአቶ እሸቴ በጥቂት ድምፅ እንደተበለጡ፣ ድጋሚ ይቆጠርልኝ ያሉትን አቤቱታ አስመራጮቹ እንዳልተቀበሉት፣ አሁን በፍርድ ቤት መሞከር እንደሚፈልጉ አስረዳኋት። ወረቀቱን አገላብጣ ጉዳዩ ያስኬዳል አለችኝ። ዋጋ የለውም ተብሎ የተጣለው ድምፅ ከተበለጡበት ስለሚበልጥ፣ ሣጥኑ ቢከፈት ውጤቱ ሊገለበጥ ይችላል።

ደስታዬን ይዤ ለኢምራን ደወልኩለት። ወንድሜ በቆጠራው ዕለት የእርስዎ ታዛቢ ሆኖ ሳለ ምንም ሳይቃወም ውጤቱ ላይ ስለፈረመ እንዳኮረፉት አውቃለሁ። እሱም እውነቱን ነገረኝ።

የተጣሉት ድምፆች ሁሉም ለማለት ይቻላል በእርስዎ ምልክት በፋኖሱ ላይ ነበሩ። ሰዎቹ ግን የኤክስ ምልክት አላደረጉም፣ ጣታቸውንም አላሳረፉም፤ ከፋኖሱ አጠገብ ስማቸውን ከነአባታቸው ጽፈዋል። ስም ያለበት ወረቀት መራጩን ያጋልጣል ተብሎ ተጣለ። በሚያስተምሩበት የማታ ትምህርት ቤት ስንት ዘመን ጣታችሁን ቀለም አታስነክሩ፣ ሰው ስም አለው እያሉ ሲቆጧቸው ኖረው፣ ለእርስዎ ድምፅ ሲሰጡ ጣት ማሳረፉ አሳፈራቸው።

አባባ፣ ያስተማርኳቸው ከዱኝ ብለው ምግብ እንዳስጠላዎ እማዬ ነግራኛለች። አልከዱዎትም። ይህን ስሰማ መጀመሪያ ሳቅሁ፣ ቀጥሎ አለቀስኩ፤ የፍሬን ሸራ ሊገዛ የመጣው ሰውዬ መርዶ የሰማሁ መስሎት አጽናንቶኝ ሄደ።

ሔዋን ዘንድ ተመልሼ ነገርኳት። መራጩ ማንን እንደፈለገ ግልጽ ነው ብለን እንከራከራለን፣ ልንረታም እንችላለን አለች። ነገር ግን ሣጥኑ የሚከፈተው ሁለቱም ወገኖች ባሉበት ነው፤ የተጣለው ወረቀት አንድ በአንድ ወጥቶ ይታያል፣ የተጻፈውም ይነበባል።

ከስሞቹ አንዱ የሻሽወርቅ ነው፤ የአቶ እሸቴ ባለቤት። አስመራጩ ጎን የተቀመጠው ኢምራን ስለነበር ከእሱ በቀር ያየ ታዛቢ የለም። የዚያን ዓመት አቶ እሸቴ ተጣልተዋት ወደ ወላጆቿ ሲሰዷት፣ ሽማግሌ ይዘው ሄደው ከልጆቿ የቀላቀሏት እርስዎ ነዎት፤ ማታ መማር የጀመረችውም ከዚያ ወዲያ ነው። እሳቸው ክፉ ሰው ባይሆኑም ኩራታቸውን ያውቁታል። ቤቴ በሙሉ መረጠኝ እያሉ እንደሚያወሩ ኢምራን ነግሮኛል። ስሟ ችሎት ላይ ሲነበብ ምን እንደሚከተል ሳስበው እንቅልፍ ይነሳኛል።

ደግሞ ገና ያልተሠራው የወንዙ ድልድይ ጉዳይ አለ። እርስዎ ምክር ቤት ካልገቡ የሚወተውትለት እንደሌለ አውቃለሁ። ልጆቹ በክረምት ልብሳቸውን ጭንቅላታቸው ላይ ይዘው ሲሻገሩ እኔም ከእነሱ አንዷ ነበርኩ። ስለዚህ ይተዉት ማለት አልደፍርም። ክሱ የሚቀርብበት ቀን ሳያልፍ ውሳኔዎን እጠብቃለሁ፤ እስካሁን ምንም አላስገባሁም። ሲደውሉልኝ ቀጥዪ ወይም ተዪው ይበሉኝ፣ ምክንያቱን አልጠይቅዎትም። ኢምራንን ግን ዛሬውኑ ይታረቁት። ቁጣዎን ችሎ ዝም ያለው ለሰው ትዳር ብሎ ነው።

እማዬን ጉልበቷን ይሳሙልኝ፤ የዓይን ጠብታውን ይህን ደብዳቤ ለሚያመጣው ሰው ሰጥቼዋለሁ። ኢምራንን ግንባሩን ይሳሙልኝ። ባለቤቴና ሪሀና እጅ ይነሳሉ። ለጎረቤቱ በሙሉ፣ ለአቶ እሸቴም ሳይቀር፣ ሰላም ይበሉልኝ። ወይዘሮ የሻሽወርቅን ለብቻዋ ሲያገኟት ሰዓዲያ በጣም ሰላም ብላሻለች ይበሏት፤ ለምን እንደሆነ ግን አይንገሯት። ኢምራን እንዳለኝ ከሆነ ፊደሏ አንድም ስህተት አልነበረበትም።

ልጅዎ ሰዓዲያ እንድሪስ
ገርጂ፣ አዲስ አበባ
ጥቅምት 12 ቀን