እንጉዳይ የሌለበት ሳህን

ልጄ ዪንግሩ፣ የእናትሽ ምርቃት ባሕር ተሻግሮ ይድረስሽ፤ ክፉ አይንካሽ። እኛ ደህና ነን። ዝናቡ ገብቶ የኩንሚንግ ገበያ ከጫካ በተለቀመ እንጉዳይ ተሞልቷል፤ መርዛምም አይጠፋበትም። አባትሽ ግን ዘንድሮም አልቀመሰም፤ «አንቺ ብዪ፤ ሁለታችንም ከተመረዝን ማን ሐኪም ይጠራል?» እያለ ሠላሳ ዓመት ሞላው።

የላክሽልኝን ፎቶ አየሁት። ዶሮ በእንጉዳይ ቶሎ ጠበስ አድርጌ ብቻዬን በላሁ ብለሻል። ታዲያ ሳህኑ ምነው ሁለት ሆነ? አንደኛው ላይስ ለምን ዶሮ ብቻ? እናትሽን ልትሸውጂ! የሱቅ እንጉዳይ እንደሆነ ማንንም አይገድልም፤ የሁለተኛውን ሳህን ሰው እንጉዳይ ከልክለሽ ጠባቂ ያደረግሽው የቤታችንን ደንብ አስተምረሽው ነው።

ለአባትሽ ትንፍሽ አላልኩም። ዕድሜና ጤና ይስጥሽ፤ ስሙን ጻፊልኝና በመጪው ክረምት ይዘሽው ነይ። እሱ እንጉዳይ ሳይበላ ይጠብቀን፤ አባትሽም እስቲ አንድ ቀን እንጉዳይ ይብላ።

እናትሽ