ታምራት ያልተረጎመልኝ

ቅዳሜ፣ ኅዳር 13

ትናንት ከባሌ ከታምራት ጋር አንድ ስምምነት አደረግን። እናቱ ከሶዶ ገርጂ እኛ ቤት ከመጡ ወዲህ ሁለቱ በወላይትኛ ሲሳሳቁ እኔ አንዲት ቃል አይገባኝም። እያሙኝ ይመስለኝና ወጥ ቤት ገብቼ ዕቃ አንኳኳለሁ። ታምራት ደግሞ በኩርፊያዬ ይናደዳል። ስለዚህ እሱ የተባለውን ሁሉ፣ ደስ የማይል ቢሆንም እንኳ፣ ሊተረጉምልኝ፤ እኔም ምንም ብሰማ ከተቀመጥኩበት ላልነሳ ቃል ተገባባን።

ዛሬ ምሳ ላይ እማማ አንዴ ጎረሱና የሆነ ነገር አሉ። ታምራት ጉሮሮውን ጠረገ።

«ምን አሉ?»

«ወጡ ... ጨው የለውም አለች።»

ፊቴ ጋለ። ግን አልተነሳሁም።

«የቀነስኩት ለደም ግፊትዎ ብዬ ነው በልልኝ።»

ነገራቸው። እማማ መብላታቸውን ትተው ትክ ብለው አዩኝ። ከዚያ እጄን በሁለት እጃቸው ያዙና ረዘም አድርገው ተናገሩ። ዞር ብዬ ታምራትን ሳየው ዓይኑ እንባ አቅርሯል።

«ተርጉምልኝ እንጂ!»

«ቆይ ሆዴ» አለኝ፤ ድምፁ እንቢ አለው። እማማ ሳቁበት። እኔም አብሬያቸው ሳቅኩበት።

እስካሁን ምን እንዳሉ አልነገረኝም። ውላችንን በአንድ ቀኑ አፈረሰው፤ እኔ ግን አልተናደድኩም። አሁን ሳሎን ሆነው ደግሞ በሌላ ነገር ይስቃሉ። ምን እንደሚያስቃቸው አላውቅም። ይህቺን ጨርሼ መሃላቸው ገብቼ ልቀመጥ ነው።